ጥለቱ ወደ ላይ

የድራማው አልባሳት ኃላፊ ከረድፉ ጫፍ ጀምራ የሴቶቹን ነጠላ አንድ በአንድ እያዘቀዘቀች መጣች። ጥለቱን ከታች ታነሳና አንገት ላይ ታውለዋለች። «ለቅሶ ነው እሺ፣ ጥለቱ ወደ ላይ!» ትላለች፤ የላስታን ሴት ለቅሶ አለባበስ ልታስተምር ከአዲስ አበባ ድረስ መጥታ። ረድፉ ውስጥ የቆመችው ፋና ሳቋን በነጠላዋ አፈነች።

የአልባሳቷ ልጅ ይማርሽ ጋ ስትደርስ ግን እጇ አየር ላይ ቀረ። ይማርሽ የነጠላዋን ጫፍ በሁለት እጇ ጨብጣ ይዛለች።

«እማማ፣ ይልቀቁት እንጂ ላስተካክልልዎት።»

«ቆዪ ልጄ። ትንሽ ቆዪኝ።»

የፋና ሳቅ እዚያው ሞተ። ጥፋቱ የእሷ ነው።

እናቷ ይማርሽ በአሥራ አንድ ዓመት የኤክስትራ ሥራዋ ያልሆነችው የለም። ድራማ ሊቀርጽ ላሊበላ የመጣ ሁሉ ያውቃታል። ገበያ ላይ በርበሬ ሸጣለች፣ ፍቅረኞች ሲጣሉ ከኋላቸው ጀሪካን ተሸክማ አልፋለች፣ ስንቱን የማታውቀውን ሙሽራ በእልልታ ድራለች። ፊቷ ግን አንድም ቀን ታይቶ አያውቅም። ጎረቤቱ «የቴሌቪዥኗ ጀርባ» ይላታል፣ እሷም አይከፋትም። ፋናን ለሥራው ስታሠለጥናትም ትምህርቱ አንዲት ነበረች፦ «ካሜራውን እንደ አማት ቁጠሪው። እንዳለ ታውቂያለሽ፣ ቀና ብለሽ ግን አታዪውም።»

እምቢ የምትለው ቀብርን ብቻ ነው። የፋና አባት አዳም በጦርነቱ ሰሞን ጋሸና ላይ የጭነት መኪና ተሳፍሮ ከሄደ አራት ዓመቱ፤ ወሬውም ድምፁም የለም። ዘመድ መከረ። የንስሐ አባቷ ቄስ ተክለ ሚካኤል ሳይቀሩ «ልጄ፣ እርምሽን አውጪ። እሱም ፍትሐት ይገባዋል» ብለዋት ነበር። «አባቴ፣ ሬሳውን ያየ ሰው ያምጡልኝና አሁኑኑ አዘቀዝቃለሁ» አለቻቸው። ከዚያ ወዲህ የሰው ለቅሶ ስትደርስ እንኳ ጥለቷ ወደ ታች ነው። ሰው አምቷት፣ አምቷት፣ ሰልችቶት ተወ።

ትናንት አስተባባሪው የኔሰው ለቀብሩ ቀረጻ ሰው ሲመዘግብ «የፊተኛው ረድፍ ፊቱ ይታያል» አለ። ፋና እናቷን ሳትጠይቅ የሁለቱንም ስም አስመዘገበች። ለእናቷ የነገረቻት «ሥራ አለ» ብላ ብቻ ነው።

«ቀብር መሆኑን ታውቂ ነበር?» አለቻት ይማርሽ አሁን፣ በሹክሹክታ።

«ፊት ይታያል ስላሉ ነው እማዬ። አባዬ የትም ቢሆን ቴሌቪዥን አያጣም። ካየን ይደውላል ብዬ።»

ይማርሽ ልጇን ብዙ አየቻት። «እንዲህ ሆኜ ይየኝ?»

ፋና ይህን አላሰበችውም ነበር።

«እትዬ ይማርሽ!» ጮኸ የኔሰው ከታች። «ኧረ ፀሐይ እየሄደችብን ነው! ካልሆነ ሁለታችሁንም ከረድፉ ላውጣችሁ?»

ይማርሽ ነጠላዋን ከትከሻዋ አወረደች፤ ገለበጠችው። ጥለቱ አንገቷ ላይ ሲያርፍ፣ ቀዝቃዛ ውኃ እንደነካው ሰው ትከሻዋ ተሰበሰበ።

የሬሳ ሳጥኑ በአሸተን ማርያም በኩል ካለው ዳገት ወረደ። ለተሸካሚዎቹ እንዲከብዳቸው ተብሎ ግማሽ ኩንታል ድንች ተጭኖበታል። ከፋና ጎን የቆመችው ብርቅዬ «ድንቹን ነፍስ ይማር» አለች፣ ረድፉ በሳቅ ተንፈቀፈቀ።

«አክሽን!»

ሳቁ ወዲያው ወደ ልቅሶ ዞረ፤ ለዚህ ለዚህ የላስታ ሴት ልምምድ አያስፈልጋትም። ደረት ተመታ፣ ወገብ ተያዘ። ይማርሽ ብቻ ቀስ ብላ ቀና አለችና ካሜራውን አየችው። በመስኮት ውስጥ ሰው እንደሚፈልግ፣ ዓይኗን ጠበብ አድርጋ፣ የካሜራውን መስተዋት ትክ ብላ አየችው።

«ከት! እማማ፣ ካሜራውን አይዩ! እርስዎ ደግሞ ስንት ዓመት የሠሩ ሰው!»

«የለም» አለች ይማርሽ። ለዳይሬክተሩ አልነበረም። ከፋና በቀር የሰማትም የለም።

ድንቹን መልሰው ዳገት አወጡት፤ መልሰው አወረዱት። በዚህኛው ይማርሽ ካሜራውን አላየችም። ሳጥኑ ፊቷ ሲደርስ ጎንበስ አለችና «አዳሜ» አለች። «አዳሜ፣ ሰው አይቶ ያልነገረኝ፣ ማን አለበሰህ? ማን ገነዘህ?» ጩኸት አይደለም፤ እቤት ውስጥ አጠገቧ ለተቀመጠ ሰው የምታወራ ይመስላል። የሌሎቹ ዋይታ ዋጠው። ፋና ግን እያንዳንዷን ቃል ሰማች።

«ከት! አለቀ! ግሩም ነው፣ እናመሰግናለን!»

ተሸካሚዎቹ ሳጥኑን አስቀምጠው ድንቹን ወደ ማዳበሪያው መገልበጥ ጀመሩ። ሴቶቹ ነጠላቸውን አውርደው እያራገፉ ጥለቱን ወደ ታች መለሱ። ፋናም መለሰች፤ እጇ ከሌሎቹ እጅ ጋር ሄዶባት ነው። ደግሞ ወሬ፣ ደግሞ ሳቅ ሆነ።

ይማርሽ አልመለሰችም። እዚያው ድንጋይ ላይ ተቀመጠች፣ ጥለቷ አንገቷ ላይ እንዳለ።

«እትዬ ይማርሽ፣ ተነሺ እንጂ፣ ድንቹ እኮ...» ብርቅዬ አረፍተ ነገሯን አልጨረሰችም። ይማርሽን አየች፣ ፋናን አየች። ያስተካከለችውን ነጠላ አወረደች፤ እንደገና አዘቀዘቀችው። ከኋላዋ ሌላዋ። ከዚያ ሌላዋ። ወሬው እየሳሳ ሄዶ ቆመ፤ ድንቹ ማዳበሪያ ውስጥ ሲወድቅ ብቻ ይሰማል።

ፋና እናቷ አጠገብ ተቀመጠች። ነጠላዋን ገልብጣ ልትለብስ ሞከረች፤ ጥለቱ ግን ከትከሻዋ ተንሸራተተ።

ይማርሽ ዞር ሳትል እጇን ሰደደች። የልጇን ጥለት አነሳችና አንገቷ ላይ አስተካከለችላት።