ባዩሽ የገደለቻቸው ሰባት ሰዎች

የጂንካ ኪነት ቡድኗ ባዩሽ መድረክ ላይ ስታለቅስ አዳራሹ እስከ ቁርጭምጭሚት ውሃ ይሞላ ነበር። ስትቆጣ ደግሞ ሩቅ ወይጦ ሸለቆ ያሉ ፍየሎች ይበረግጋሉ። እንዲህ ያለች ተዋናይ ነበረች።

በ1970 ዓ.ም. ጓድ ደምሰው የተባለ ካድሬ ሰባት ሰዎችን አድሃሪ ናችሁ ብሎ አሰረ። ሊረሽናቸው ቀን ሲቆርጥ ባዩሽ ቢሮው ድረስ ሄደች።

«ጓድ፣ ጥይቱን ለጦር ግንባር ቢያቆዩት አይሻልም?»

«ታዲያ በምን ልጨርሳቸው? በምርቃት?»

«ለእኔ ይስጡኝ። እነሱ ጨቋኝ ይሁኑ፣ እኔ ተጨቋኝ። መድረክ ላይ በዱላ እጨርሳቸዋለሁ። ሕዝቡም ይማርበታል።»

ደምሰው ከደስታው ብዛት ጠረጴዛውን በጡጫ ቢመታው ለሁለት ተሰነጠቀ።

በመጀመሪያው ቅዳሜ ተራው የመምህር ሙሴ ሆነ። ሚስቱን ሣራን አምጥተው ፊት ወንበር ላይ አስቀመጧት። የዚያን ዕለት ጠዋት ባዩሽ፣ ከብት አርቢዎች ከበሬ አንገት የቀዱትን ትኩስ ደም በቅል ተቀብላ ስትገባ ታይታለች። «ደም ሳትጠጣ መድረክ አትወጣም» ተባለ።

ሙሴን አንበረከከችው። ጎንበስ ብላ ጆሮው ሥር አንድ ነገር አለችው። ከዚያ ዱላዋን አነሳች። በመጀመሪያው ምት ጣራው ላይ ያሉት እርግቦች በረሩ። በአራተኛው ደሙ ሦስተኛ ረድፍ ደረሰ። በዘጠነኛው ሙሴ መጮኹን አቆመ። ጓድ ደምሰው ሬሳውን ሊያይ ጠጋ ቢል አዲሱ ጫማው ላይ ደም ተረጨበት፤ ተሳድቦ ወደ ወንበሩ ተመለሰ።

የኪነት ቡድኑ ሾፌር ዳርጌ ሬሳውን በጆንያ ጠቅልሎ ላንድሮቨሩ ላይ ጫነው። ትእዛዙ ኬንያ ጠረፍ አቅራቢያ ካንጋተን ወስደህ ኦሞ ወንዝ ውስጥ ጣለው የሚል ነበር።

«ባዩሽ! አንድ ቀን በዚህ እጄ እፈልጥሻለሁ!» ብላ ጮኸች ሣራ።

«ወረፋ ያዢ፣ እትዬ» አለቻት ባዩሽ፣ ዱላዋን እየጠረገች።

በሰባት ቅዳሜ ሰባት ሰው አለቀ። የካንጋተን አዞዎች ከውፍረት የተነሣ መዋኘት አቃታቸው ይባላል።

በዓመቱ አዲስ አበባ ላይ የኪነት ውድድር ተደረገ። ባዩሽ እያለቀሰች ሳለ ከመድረክ ተንሸራታ የዘፋኞቹ ከበሮ ውስጥ ተቀረቀረች። የአዳራሹ ቆርቆሮ በሣቅ ተነቀለ። የቴሌቪዥን ሰዎችም ከነከበሮው አንሥተው ለኮሜዲ ወሰዷት። በሁለት ዓመት ውስጥ ስሟን የማያውቅ ጨቅላ ብቻ ነበር።

በኋላ ለጂንካ መሰብሰቢያ አዳራሽም ቴሌቪዥን መጣለት። በመጀመሪያው ምሽት ባዩሽ ባሏን በመጥበሻ ስትወቅጠው ታየች። ባልየው ተነሥቶ ሱሪውን አራገፈ። የአዳራሹ ዘበኛ አንጁሎ ሆዱን ይዞ ይንፈራፈራል።

«ምን ያስገለፍጥሃል?» አለችው ሣራ።

«ተነሣ እኮ፣ እትዬ! ያን ሁሉ ቀምሶ ተነሣ!»

«የኔ ግን አልተነሣም» አለችና ድንጋይ ወረወረች። ቴሌቪዥኑ እንደ ቦምብ ፈነዳ። ሊይዛት የመጣውን አንጁሎን ሁለት ጥርሱን አረገፈችለት። ሦስት ወር ታሰረች። በተፈታች ማግስት መጥረቢያ ገዛች፤ በየቀኑም ትስለው ጀመር። ስለቱ ጥላ ይቆርጣል ተባለ።

ግንቦት 1983 ደርግ ወደቀ። ጓድ ደምሰው ቀሚስ ለብሶ ጠፋ። በሰኔ ባዩሽ በአውሮፕላን ልትመጣ ነው የሚል ወሬ ደረሰ።

አውሮፕላን ማረፊያው ከተማው መሀል የተነጠፈ ሣር ነው። ሜዳውን የሚያስለቅቀው ሳይረን ሲጮኽ ሣሩን ይግጡ የነበሩት ላሞች እንደ ልማዳቸው ወጡ፤ ሕዝቡ ግን ድንጋዩን ይዞ ገባ። ከተማው ውስጥ ድንጋይ የተረፈው ጉልቻ ብቻ ነበር። አንዱ ቸኩሎ ወርውሮ ገና አውሮፕላኑ ሳያርፍ የፖሊሱን ግንባር ፈነከተ።

በሩ ተከፈተ። ባዩሽ ብቻዋን ብቅ አለች። ሣራ የአውሮፕላኑ ደረጃ ሥር ቆማለች፣ መጥረቢያዋን ይዛ።

«ውረጂ! ደርግም የለ፤ ማን እንደሚያድንሽ አያለሁ!»

ባዩሽ ሁለት እጇን አነሳች። «እትዬ ሣራ፣ አንዴ ስሚኝ። አሥራ ሦስት ዓመት አፌን የያዝኩት...»

ድንጋይ ትከሻዋን መታት። ሁለተኛው ከንፈሯን ሰነጠቀው። ይኼኛው ደም የራሷ ነበር። ደረጃው ላይ ተንበረከከች። ሣራ እየሮጠች ወጣች፤ መጥረቢያውን በሁለት እጇ ከራሷ በላይ አነሳች። ከታች ሕዝቡ «በያት!» ይላል።

አንድ ሽበታም ሰው ከአውሮፕላኑ በር አንገቱን ብቅ አደረገ።

«ሣራ፣ እባክሽ ገለል በይ» አለ ሙሴ፤ «ከኋላዬ ስድስት ሰዎች መውረጃ አጥተዋል።»