የሻሹ ጫፍ

ጣሊያኑ ሹም ተራራው ላይ የመሸጉትን አርበኞች ሊያቃጥል ድንኳኑን ከተከለበት ግርጌ፣ ደረቁ ሣር ላይ እሳት ያስለኮሰው ጀምበር ስታዘቀዝቅ ነበር። እትዬ ሙሀባ ከመንደሩ ሰው ጋር ተነድተው፣ ከአሸዋማው ወንዝ ማዶ ቆመው እንዲያዩ ተደርገዋል። ልጃቸው ተራራው ላይ ነው።

«እትዬ፣ ልጅዎ ዛሬ ተጠበሰ!» አለ ከሩቅ አገር የመጣው ባንዳ አስተርጓሚ እየገለፈጠ።

እትዬ ሙሀባ ግን ዐይናቸው ወደ ተራራው በሚውለበለበው የሻሻቸው ጫፍ ላይ ነበር። የይፋት ገበሬ ሣር የሚያቃጥለው ጧት ነው፤ የአስር ሰላት ካለፈ ወዲያ እሳት የሚለኩስ እብድ ብቻ ነው።

ነፋሱ ቆመና የሻሹ ጫፍ ወደቀ። ጥቂት ቆይቶ ቁልቁል፣ ወደ ጣሊያኖቹ ድንኳን ዞሮ ተውለበለበ። ነበልባሉም ተከተለው።

ያን ጊዜ እትዬ ሙሀባ ወደ አስተርጓሚው ዞረው እንትፍ አሉ።

«ምን ይገትርሃል? ሂድ፣ ለጌታህ ጫማውን አጥልቅለት፣ ይሩጥበት!»