ሠላሳ ስምንት ተመልካች

«ፊልሙን ዛሬውኑ ከገጽዎ ላይ ያውርዱልኝ» አለች፣ ገና ሳትቀመጥ።

ሰውዬው ከኮምፒውተሩ ቀና አለ። ከአንድ ልብስ ሰፊ ሱቅ በላይ ባለች ጠባብ ክፍል ተቀምጦ፣ ሌላ ቦታ የማይገኙ ፊልሞችን እየለቀመ በኢንተርኔት የሚያሳይ ድርጅት አለው። ድርጅት ይባል እንጂ መራጩም፣ ቴክኒሻኑም፣ ስልክ አንሺውም እሱው ራሱ ነው።

የትኛውን ፊልም እንደሆነ ጠየቃት፤ ነገረችው። የዛሬ ሃያ ስድስት ዓመት የተሠራ ዘጋቢ ፊልም ነው። ያኔ ልጅነት ይዟት፣ እናቷ እንዳልሞተች፣ ጥላቸው እንደሄደች ካሜራ ፊት ዘርግፋዋለች። አባቷ ግን እስከ ዛሬ ለጠየቀው ሁሉ «ሞታለች» እንዳለ ነው። ፊልሙ አንዴ አዳራሽ ታይቶ ደብዛው ጠፋ። እሷም ረሳችው፤ የፊልሙ አዘጋጅ ደውሎ «ተገኘልን፣ ኢንተርኔት ላይ ወጣልን» ብሎ እስኪያበስራት ድረስ።

ከዚያ ወዲህ በምትሠራበት ፋርማሲ ውስጥ መቆም አቃታት። መድኃኒት የሚገዛው ሁሉ ጉዷን የሚያውቅ እየመሰላት ፈቃድ ወስዳ ቤት ዋለች። አሥር ቀን። መጀመሪያ አለቀሰች፤ አሁን እንባውም ደርቆ ድንዝዝ ብላለች።

ሰውዬው አልተከራከራትም። ስክሪኑን ብቻ ወደ እሷ አዞረው። ፊልሙ ከወጣ ሁለት ወሩ ነው። ያየው ሠላሳ ስምንት ሰው።

«አንዱ እኔ ነኝ» አለ። «እህቴም በግድ አይታዋለች።»

በፋርማሲው በአንድ ጠዋት ከዚህ በላይ ሰው ታስተናግዳለች። እፎይታ ይመጣል ብላ ጠበቀች፤ አልመጣም። ንዴትም አልመጣም።

ከማውረዱ በፊት ማየት ትፈልግ እንደሆነ ጠየቃት። ወንበር ሳበች።

ስክሪኑ ላይ አንዲት ቀጭን ልጅ መስኮት ሥር ተቀምጣ ጣቶቿን ታፍተለትላለች። ቀና ብላ «እናቴ» አለችና ምስሉ ቀጥ አለ። ፊቷ ላይ ክብ ምልክት ይሽከረከር ጀመር።

ሰውዬው እያፈረ፣ ደህና ሰርቨር ለመከራየት አቅም እንደሌለው፣ ደንበኞችም በዚሁ እየተማረሩ እንደሚተዉት ነገራት። አልሰማችውም። አፏን እንደከፈተች የቀረችውን ልጅ ታያለች።

«ስንት ዓመቷ ነው?» አለች።

የራሷን ዕድሜ መጠየቋ ግራ ገብቶት አያት። «ሃያ ሁለት መሰለኝ።»

ምስሉ አልተንቀሳቀሰም። በቃ ላውርደው ብሎ እጁን ወደ ማውሱ ሰደደ።

«ይቆዩ» አለች፣ ዓይኗን ሳትነቅል። «ትጨርስ።»