ከአራተኛው ትንፋሽ በኋላ

ኮሜዲያኑ በዘፈኑ መካከል ቆመ። ቀኝ እጁ ወደ ላይ እንደተዘረጋ ቀረ። አዳራሹ በሳቅ ተናጋ።

ከኋላው ዱካ ላይ የተቀመጠው አኮርዲዮን ተጫዋች አንድ ወፍራም ድምፅ ይዞ መቁጠር ጀመረ። እዚህ ቦታ ላይ ኮሜዲያኑ ሁልጊዜም ዝም ይላል። የዘፈኑ የመጀመሪያ አንጓ ያልቃል፣ አራት ትንፋሽ ይጠበቃል፣ ሁለተኛው ይገባል። በሦስት ከተገባ ሳቁ አይበስልም። በአምስት ከተገባ ይሻግታል።

አምስት። ስድስት።

ሰዉ ይህን አኮርዲዮን ተጫዋች ድንጋይ ይለዋል። ሠላሳ አራት ዓመት መድረክ ላይ አልሳቀም፤ አንድ ቃልም አልተነፈሰም። ሥራው ይኸው ነበር። ጓደኛው ፍርድ ቤት ስለ ከሰሰ ደረጃና ጥብቅና ስለ ቆመለት ዓሣ ሲዘፍን፣ እሱ ቀብር ላይ እንደቆመ ሰው ፊቱን አጥፍቶ ይጫወታል። በመጀመሪያው ዓመት ከሦስት አዳራሾች ተባረዋል። አንዱ ኃላፊ፣ «ይሄ ቀልድ ነው ወይስ በሽታ?» ብሎ ጠየቃቸው። ኮሜዲያኑ፣ «ገና አልተመረመርንም» አለው። ኋላ ግን ያው ኃላፊ ራሱ ፈልጎ ጠራቸው፤ ዘፈኑንም ሰው አውቶቡስ ውስጥ ያንጎራጉረው ጀመር።

ዛሬ ከሰዓት፣ ትርኢቱ ሊጀመር ሲል፣ የኮሜዲያኑ ሚስት ድንጋይን በመልበሻ ክፍሉ በር ላይ ይዛው ነበር።

«ወንድሜ፣ ቃሉ ከጠፋውስ?»

«አይጠፋውም።»

«ትናንት ስሜን ጠይቆኛል። እኔን አታባብለኝ። ከጠፋው እጁን ይዘህ አውርድልኝ። በቀልዱ ይሳቁ፤ በሰውየው ግን ሲስቁ ቁጭ ብዬ አላይም። አደራ።»

«እሺ።»

«እሺ ብቻ አይደለም። አደራ በላ እንዳትሆንብኝ።»

«አልሆንም» አላት።

ስምንት። ዘጠኝ።

«ኧረ ገደለን!» አለ ፊት ወንበር ላይ የተቀመጠ ወፍራም ሰው፣ እንባውን በመዳፉ እየጠረገ። «ዝም ብሎ እኮ ነው የሚገድለው!»

«ፊቱን እዩልኝማ» አለች አጠገቡ ያለችው። «እውነት የጠፋው አይመስልም?»

ከኋላ አንዱ ጮኸ፤ «አንተ ድንጋይ፣ ንገረው እንጂ!» ሳቁ እንደ አዲስ ተነሣ።

ኮሜዲያኑ ዞሮ ድንጋይን አየው። ዓይኑ መውረጃውን ያለፈ፣ መኪናውንም ለማስቆም ያፈረ መንገደኛ ዓይን ነበር።

ሚስቱ ሦስተኛው ረድፍ ጫፍ ላይ ብድግ አለች። ቦርሳዋን ደረቷ ላይ ይዛ፣ ለድንጋይ ራሷን ነቀነቀችለት። አሁን ማለቷ ነው።

ድንጋይ የአኮርዲዮኑን ማንገቻ ከአንድ ትከሻው አወረደ። እጁን ይዤ ካወረድኩት፣ አለ በሆዱ፣ የዚህ ሁሉ ዓመት ሥራ መጨረሻው ተጎትቶ መውረድ ይሆናል። ከተውኩት ደግሞ ይስቁበታል። ሁለቱም አልዋጥልህ አለው። ለመነሣት ወገቡን አቀና። ገና ሳይነሣ ግን ከእግሩ አፉ ቀደመ።

«ዳኛው ወንበር ነበር፣ ቆሞ የሚፈርድ፤
ምስክሩ ዝናብ፣ ወደ ላይ የሚወርድ።»

ድምፁ ዘይት እንዳላየ የበር ማጠፊያ ነበር። ዜማውንም ስቶታል። አዳራሹ በሳቅ ፈነዳ። ሰዉ ወንበሩን ደበደበ፤ ወፍራሙ ሰው ተነሥቶ፣ «ድንጋይ ተናገረ!» እያለ ጎረቤቱን ያቅፍ ጀመር። አሁን የሚሳቅበት እሱ ነበር። ፊቱ ጋለ፤ ሲስቁብህ እንዲህ ነው ለካ፣ አለ በሆዱ።

ኮሜዲያኑ እጁን አወረደ። ቀስ ብሎ ቀረበ። ራሱን ዘንበል አድርጎ አዳመጠ። ድንጋይ ስንኙን ደገመው፤ ዝናቡ ላይ ሲደርስ ኮሜዲያኑ ሳቀ።

ድንጋይ የሳቅ ዓይነት ያውቃል። የይሉኝታውን፣ ከሰው ተከትሎ የሚመጣውን፣ ቀድሞ የሚያውቀው ሰው የሚያወጣውን፣ ሁሉንም ከነትንፋሹ ለይቶ ያውቃል። ይህ ከእነዚያ አልነበረም። ይህ ያልጠበቀው ነገር ከሆዱ ያወጣበት ሳቅ ነበር፤ የመጀመሪያ ጊዜ ሳቅ። ሰውየው ይህን ዘፈን በሕይወቱ ሰምቶት አያውቅም።

ኮሜዲያኑ ወደ ጆሮው ጎንበስ አለ። «ኧረ እግዜር ይስጥዎ የኔ ወንድም። ዝናቡን ወደ ላይ! ማን ነው ይህን ያወጣው?»

ድንጋይ ቀና ብሎ አየው። «አንተ ነህ።»

«ይሂዱ እባክዎ! በእንግዳ ይቀልዳሉ?» ትከሻውን መታ መታ አደረገው። ፍርሃቱ ከዓይኑ ጠፍቶ ነበር።

ድንጋይ ወደ ሦስተኛው ረድፍ አየ። የኮሜዲያኑ ሚስት አሁንም ቆማለች። አየችው፤ ባሏን አየች። ከዚያ ቀስ ብላ ተቀመጠች፤ ቦርሳዋንም ጭኗ ላይ አደረገች።

ድንጋይ ማንገቻውን መልሶ ትከሻው ላይ አነገተ። የአኮርዲዮኑን ወናፍ ሳበ።

ኮሜዲያኑ ከመድረኩ ዳር አንድ ወንበር ጎትቶ አመጣ። ጀርባውን ለሕዝቡ ሰጥቶ፣ አኮርዲዮኑ ፊት ለፊት ተቀመጠ። ሁለት እጆቹን ጉልበቱ ላይ አድርጎ፣ አንገቱን ሰገግ አድርጎ፣ የሚቀጥለውን ስንኝ ጠበቀ።