የመላሿ ሰባት ዙር

ጠጋኙ ስለ ሥራው ሲጠየቅ "ጊዜ እጠግናለሁ፤ ራሴ ግን ሁሌ አረፍዳለሁ" ይላል። "አቶ ቆይቶ" የሚለውን ቅጽል ስም ያወጣለት ሰፈሩ አይደለም፤ ራሱ ነው። ሰው ሳይቀድመው በራሱ መሳቅ ያዋጣኛል ባይ ነበር።

ልብስ ሰፊዋ የምትሠራው ከሱቁ በላይ ባለው ፎቅ ላይ ነው። ስድስት ዓመት ሙሉ ደረጃው ላይ "እንደምን አደርሽ?" ሲላት ኖሯል፤ ከዚያ ያለፈ ደፍሮ አያውቅም። ትልቁ ጀብዱው፣ ባለፈው ወር የመነጽሯ እግር ቢሰበር፣ ጠረጴዛው ላይ ባገኘው ብጣሽ ሽቦ አስሮ መስጠቱ ነው። "ዋጋውስ?" ስትለው "ቆይ፣ ሌላ ጊዜ" ብሎ ሸሸ።

አሁን ሌላ ጊዜ የሚባል ነገር የለም። ልብስ ሰፊዋ ነገ ጠዋት ጓዟን ጠቅልላ እህቷ ወደምትኖርበት የወደብ ከተማ ትሄዳለች። "የሚያስቀረኝ ሰው ባገኝማ እቀር ነበር" ብላ ራሷ ነግራዋለች። እሱ ምን አላት? "መልካም መንገድ!" ከዚያ ወዲህ ራሱን ሲሰድብ ሰነበተ።

ይህ በሆነበት አገር መላሽ የሚሏት ዕቃ አለች። ከመዳፍ የማትበልጥ የናስ ሳጥን ስትሆን፣ ውስጧ ቀጭን ሰማያዊ ሽቦ ተጠቅልሏል። መዘውሯ አንዴ ሲዞር ዓለም በሙሉ አምስት ደቂቃ ወደ ኋላ ይመለሳል። ሰው ሁሉ የሆነውን ይረሳል፤ የሚያስታውሰው አዙሪው ብቻ ነው፣ የሽቦው ጫፍ በመዘውሩ በኩል ወጥቶ ገላውን ስለሚነካው። መላሽ የሚፈቀደው ለሐኪሞች፣ ለዳኞችና ለአዋላጆች ነው። የጠጋኞች ሕግ ደግሞ ጥብቅ ነው፦ የተጠገነች መላሽ ልክ ሰባት ጊዜ ዞራ ትሞከራለች። ቆጣሪዋ ከዓለም ጋር ወደ ኋላ አይመለስም። ስምንት ካሳየ የጠጋኙ ፈቃድ ይቀደዳል።

የአዋላጇ መላሽ ተጠግና ጠረጴዛው ላይ ተቀምጣለች። አዋላጇ አሥር ሰዓት ላይ መጥታ ትወስዳታለች።

"መሞከሯ ካልቀረ ፎቅ ላይ ትሞከር" አለ ጠጋኙ። ሸሚዙን ቀይሮ፣ መላሿን ኪሱ ከቶ ወጣ።

ልብስ ሰፊዋ የሙሽራ ቀሚስ ጫፍ እየሰፋች ነበር።

"እህቴ..." ብሎ ጀመረ።

እህቴ! ለትዳር የመጣ ሰውዬ! በድንጋጤ ክርኑ የመርፌ ቆርቆሮዋን መታና መርፌው ሁሉ ወለሉ ላይ ተዘራ። ቀና ብላ አፏን ልትከፍት ስትል ኪሱ ውስጥ አዞራት። ራሱን ደረጃው ግርጌ አገኘው።

"አንተ ጅል" አለ ለራሱ፤ ተመልሶም ወጣ።

የመርፌ ቆርቆሮው ተከድኖ ስለነበር ይህኛው በደህና ተጀመረ። "ለዕድሜሽ በጣም ደህና ነሽ" አላት። ለመልሷ አልቆየም፤ አዞረ።

በሦስተኛው ሊቀመጥ ወንበር ሲስብ፣ ጠረጴዛው ላይ የነበረውን ብርጭቆ ውሃ ቀሚሱ ላይ ገለበጠው። "ቆይ እስቲ፣ እኔ..." ማለት ስትጀምር አዞረ።

በአራተኛው ሲገባ ብርጭቆው ጠረጴዛው ላይ የለም። መስኮቱ ጋ ተቀምጧል። ጠጋኙ ልቡ ድንግጥ አለ። መላሽ ዓለሙን እንደነበረ ካልመለሰች ሽቦዋ ደክሟል፣ ጥገናውንም ውሃ በልቶታል ማለት ነው። በዚሁ ድንጋጤ "ብቻዬን ማብሰል ሰለቸኝ" አላት። ሠራተኛ ሊቀጥር የመጣ መሰለ። አዞረ።

በአምስተኛው "ዛሬስ ምሳ ማን አበሰለልህ?" ብላ ተቀበለችው። ያጠናው ሁሉ ከጭንቅላቱ በነነ። አዞረ።

በስድስተኛው ግጥም ሞከረ። ሁለተኛው ስንኝ ጠፋበትና የመጀመሪያውን ሦስት ጊዜ ደገመው። ከንፈሯን ነከሰች። ሳቅ ይሁን ብስጭት መለየት አልቻለም፤ ግን አንዱም አልጣመውም። አዞረ።

በሰባተኛው በሩ ገርበብ ብሎ፣ ወንበሩም ተስቦለት ጠበቀው። ቅድም እንዲህ አልነበረም። በዕድሜው ሙሉ የሚኮራባት አንዲት ነገር ሙያው ነበረች፤ እሷም ጉድ ሠራችው። ለአዋላጇ ምን ይላታል? ወንበሩ ላይ እንደተቀመጠ ስቅታ ያዘው። አሥራ አንድ ጊዜ "ስቅ" ብሎ አንድ ቃል ሳይወጣው አዞረ።

ቆጣሪዋ ሰባት አለ። ጠጋኙ ደረጃው ላይ ቁጭ አለ።

"ጠጋኝ ተብዬ" አለ። "ሚስት ፈላጊ ተብዬ።"

ግን ነገ ትሄዳለች። ተነሥቶ ወጣ።

ልብስ ሰፊዋ ስፌቷን አስቀምጣለች። ገና ሳይቀመጥ ብርጭቆ ውሃ ዘረጋችለት።

"ጠጣ።"

ጠጣ። ከዚያ ግጥሙንም ምኑንም ትቶ "አትሂጂ" አላት። "እወድሻለሁ። ስድስት ዓመት ሆነኝ። ከዚህ የተሻለ ነገር መናገር አልችልበትም።"

ብርጭቆውን ተቀብላው መስኮቱ ጋ አስቀመጠች። መልሷን መጠበቅ አልቻለም። እጁ ኪሱ ገባ፤ ጣቱ መዘውሩን አገኘው። ፈቃዱ ይቀደድ፣ ሱቁም ይዘጋ፤ "አይሆንም" ስትለው ከመስማት ሁሉም ይሻላል። ዓይኑን ጨፈነ።

ልብስ ሰፊዋ በሰማያዊ ሽቦ የታሰረውን የመነጽሯን እግር ጆሮዋ ላይ አስተካከለች።

"ይሄ ስምንተኛህ ነው" አለችው፤ "እባክህ እጅህን ከኪስህ አውጣና አሁን እንኳ እሺ ልበልህ።"