ወረቀት የምትበላው አይጥ

ኢስሃቅ በሱቁ ውስጥ የአይጧን ጎሬ ሲያስስ ከስኳሩ ጆንያ ጀርባ የተሸጎጠውን የሚስቱን ሣጥን ከፈተው። ፋጤ ክው አለች። ስኳር የሚጠቀልልበት ሰማያዊ ወረቀት በየጊዜው ሲጎድልበት፣ "አይጥ እየበላው ነው" ያለችው እሷ ነበረች። እሱም አምኗት ከጥሊሊ ድረስ ድመት በውሰት አስመጥቶ ነበር።

ሣጥኑን የሞሉት ከዚያው ሰማያዊ ወረቀት እሷ የሠራቻቸው አሻንጉሊቶች ነበሩ። አንድ በአንድ እያነሳ ባንኮኒው ላይ ደረደራቸው። ማር የተሸከመች ሴት፣ ጥላ የያዙ ቄስ፣ ፈረሱን የሚያሰግር ባላገር፤ ሁሉም በዳንግላ የገበያ ቀን ከሱቁ ደጅ የማይጠፉ ናቸው። ከሁሉም ሥር ሚዛን ላይ ያጎነበሰ አንድ ባለቦርጭ ሰው ወጣ። ኢስሃቅ ወደ ጆሮው ያዘመመውን ኮፍያ ሲያይ ራሱን አወቀ።

"ከፈለግህ ልቅደዳቸው" አለች ፋጤ።

እሱ ግን ከመደርደሪያው አንድ ፓኮ ሻይ ቅጠል አንስቶ ጣሳ ውስጥ ገለበጠው። የፓኮውን ብልጭልጭ ወረቀት በአውራ ጣቱ ዳምጦ ዳምጦ ሣጥኑ ውስጥ አኖረላት፤ አሻንጉሊቶቹንም በላዩ ቀስ አድርጎ መለሳቸው።

"ነገ ድመቷን ለባለቤቷ እመልሳለሁ" አለ ሳቁን እየዋጠ። "አይጣችንን ብትበላብንስ?"