ከምንጩ የቀሩት አጋዘኖች

መምህር በዛብህ ከሊፋን የጠላው ገና መልኩን ሳያይ ነው። ሚስቱ ኤፍራታ ከአሰላ በላይ ባለው ትንሽ ፓርክ በባለሙያነት ከተቀጠረች ወዲህ እራት ላይ ይኼን ስም ሳታነሳ አታመሽም። ከሊፋ የፓርኩ ጠባቂ ነው። ከሊፋ እንዲህ አለ፣ ከሊፋ ይኼን አሳየኝ። በዛብህ የጾም ሽሮውን ሲበላ ቅናት ደግሞ እሱን ይበላዋል። ከምታወራው ሁሉ ጆሮው የሚገባው ያ ስም ብቻ ነበር።

የእሷ ጭንቀት ሌላ ነው። ፓርኩ ውስጥ ጅብራ በሚባለው የተራራ ተክል መሀል ያለችው ምንጭ የደጋ አጋዘን የሚጠጣባት መሆኗ እስከ ፋሲካ በፎቶ ካልተረጋገጠ ለከብት ግጦሽ ትለቀቃለች፤ የኤፍራታም ኮንትራት አብሮ ያበቃል። አጋዘኖቹ ግን ጎህ ሲቀድ የሚወርዱባትን ምንጭ ድንገት ተዉአት። ምክንያቱን ያወቀ የለም። በዛብህ ይህን ሲሰማ በሆዱ ደስ አለው።

የሚያስተምረው በከሰዓት ፈረቃ ስለሆነ ያን ሰሞን ሩጫ ጀመርኩ ብሎ ነበር። አሰላ ላይ በማለዳ ወደ ተራራው የሚሮጥን ሰው ወዴት ነው ብሎ የሚጠይቅ የለም። ኤፍራታ እንዲያውም ብርድ እንዳይመታው ብላ ቀይ ሹራብ ሠራችለት። እሱ ሹራቡን ለብሶ ሳይነጋ ከምንጩ አጠገብ ካለው የአስታ ቁጥቋጦ ሥር ይሸጎጥና ኤፍራታና ከሊፋ እስኪመጡ ይጠብቃል።

ለሳምንታት አንዳች ነገር አላየም። ያልጠረጠረ ተመነጠረ እያለ ራሱን አጽናና። ከተማ ውስጥ ሲገናኙ ከሊፋ ዓይኑን ይሰብራል፤ ጥፋት ባይኖርበት ለምን ያፍራል?

የጸሎተ ሐሙስ ዕለት አየ። ኤፍራታ ዞር ስትል ከሊፋ ዛፍ ላይ ከታሰረች አረንጓዴ ሳጥን አንድ ትንሽ ነገር አውጥቶ ደረት ኪሱ ከተተ። እሷ ያስቀመጠችለት መሆን አለበት። ከዚያ ጠጋ ብሎ የሆነ ነገር ነገራት። አለቀሰች። ከሊፋ የአንገት ልብሱን አቀበላትና አስታውን በጎን ገልመጥ አድርጎ ፊቱን አዞረ።

ቅዳሜ በዛብህ ለፋሲካ የገዛውን ዶሮ እንዳንጠለጠለ ከሊፋን ገበያ መሀል አገኘው።

«ኪስህ ያለውን አውጣ» አለው።

«ይቅርብዎት፣ መምህር። የሰው ገመና ነው።»

«ገመናው የእኔ ነው። አውጣ።»

ከሊፋ ግራ ቀኙን አየ። ከደረት ኪሱ የካሜራ ሚሞሪ አወጣና ስልኩ ውስጥ ከተተው።

«ሳጥኗ ካሜራ ናት፤ ፊቷ የተንቀሳቀሰውን ሁሉ ራሷ ታነሳለች» አለ። «አጋዘን የሰው ጠረን ካለ ውሃ አይጠጋም። ያባረራቸው ሰው እዚህ ውስጥ አለ። ለእሷ ግን፣ ወላሂ፣ አላሳየኋትም፤ ባዶ ነው እያልኩ ዋሸኋት። ትዳሯ ከሚፈርስ ኮንትራቷ ቢያልቅ ይሻላል ብዬ ነው።»

በዛብህ ይኸው ደረስኩበት አለ በልቡ፤ ስልኩን ነጥቆ ፎቶዎቹን አንድ በአንድ አየ።

በሁሉም ላይ አስታው ሥር ያጎነበሰ አንድ ሰው ብቻ ነበር፤ ቀይ ሹራብ ለብሷል።